«ቦታው የመንግሥት ነው፣ ልቀቁ» ሲሏችሁ፦ ቤታችሁ ከመፍረሱ በፊት የመሰማት መብታችሁን እንዴት ትጠቀሙበታላችሁ?

አክስቴ ማክሰኞ ጠዋት ከቤተክርስቲያን ስትመለስ የግቢዋ ቆርቆሮ በር ላይ ወረቀት ተለጥፎ አገኘች። ሌሊቱን ሲዘንብ ስላደረ ግማሹ ቀለም ፈስሷል። የጎረቤት ልጅ ጠርታ አስነበበች። «የያዙት ቦታ የመንግሥት መሆኑ ስለተረጋገጠ በ7 የሥራ ቀናት ውስጥ ለቀው እንዲያስረክቡ» ይላል። ገንጥላ፣ አጣጥፋ፣ ዳዊቷ ውስጥ ከተተችው። ለእኛ የነገረችን አርብ ማታ ነው።

የቀሩትን ቀናት ያሳለፍናቸው ቢሮ ለቢሮ እየዞርን በመለመን ነው። አንዱ «እናየዋለን» ይላል፣ ሌላዋ «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው፣ ነገ ኑ» ትላለች፣ እኛም «ነግረናቸዋል እኮ» እየተባባልን ወደ ቤት እንመለሳለን። ቤቱ ከፈረሰ በኋላ ጠበቃ ዘንድ ስንሄድ ሰውየው መጀመሪያ የጠየቀን «አቤቱታ ያስገባችሁበት፣ ማህተም ያረፈበት ኮፒ የታለ?» ብሎ ነው። የለንም። አንድም ወረቀት አልነበረንም። በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል የሚባለውን ያን ቀን ነው በደንብ የገባኝ።

ይህን የምጽፈው ሌላ ሰው እንደኛ ባዶ እጁን ጠበቃ ፊት እንዳይቀመጥ ነው። በዋናነት አዲስ አበባን እያሰብኩ ነው የምጽፈው። ክልል ከሆናችሁ የቢሮዎቹ ስም ይለያያል፣ መንገዱ ግን ይመሳሰላል።

«የመንግሥት መሬት» የሚለው ቃል አያስደንግጣችሁ

በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። የሁሉም ሰው መሬት። ካርታ ያለውም፣ በሊዝ የያዘውም፣ ከአባቱ የወረሰው ገበሬም የቆመው በዚሁ መሬት ላይ ነው። ስለዚህ «ቦታው የመንግሥት ነው» መባሉ ብቻውን ምንም አይመልስም። ጥያቄው የይዞታ መብት አላችሁ ወይስ የላችሁም ነው። መሰማት ያለባችሁም እዚች ነጥብ ላይ ነው።

ያው አንቀጽ 40 ወረድ ብሎ በንዑስ አንቀጽ 7፣ በመሬቱ ላይ በጉልበታችሁና በገንዘባችሁ የገነባችሁት ቤት የእናንተ መሆኑን ይናገራል። ንዑስ አንቀጽ 8 ደግሞ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም ንብረት ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ «በቅድሚያ» መክፈል አለበት ይላል። ከፈረሰ በኋላ እናስብበታለን አይልም። አንቀጽ 44 ንዑስ 2 በመንግሥት ፕሮግራም ምክንያት ለሚፈናቀል ሰው ካሳ ወይም ምትክ ይሰጣል። አንቀጽ 37 ጉዳያችሁን ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው አካል አቅርባችሁ ውሳኔ የማግኘት መብት ይሰጣችኋል። እነዚህን አራት ቁጥሮች ወረቀት ላይ ጻፏቸው፤ ማመልከቻችሁ ላይ ይገባሉ።

አሁን ወደ ሥራው።

ደረጃ 1፦ ምን ዓይነት ማስነሻ እንደደረሳችሁ ለዩ

ሰዎች እዚህ ጋ ነው የሚሳሳቱት፣ ስለዚህ ቀስ ብላችሁ አንብቡት።

ሁለት ዓይነት ወረቀት አለ። አንደኛው «ለልማት ይፈለጋል» የሚለው ነው። ይህ ሕጋዊ ባለይዞታ መሆናችሁን ያምናል፤ የሚከራከራችሁ በካሳው፣ በምትክ ቦታውና በጊዜው ነው። ዋናው ሕግ አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ሲሆን በ2016 በአዋጅ ቁጥር 1336 ተሻሽሏል። ከቴሌግራም ያወረዳችሁትን የድሮውን ብቻ ይዛችሁ ቢሮ አትሂዱ፣ ሁለቱንም ጎን ለጎን ያዙ።

ሁለተኛው «ሕገወጥ ይዞታ ነው» ወይም «የመንግሥት ቦታ ተወሯል» የሚለው ነው። ይህኛው መብታችሁን ከነጭራሹ ይክዳል። ልዩነቱን ለማየት የ2004ቱን የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 ተመልከቱ። በዚያ አዋጅ ለሕጋዊ ባለይዞታ የሚሰጠው የማስለቀቂያ ጊዜ ከ90 ቀን እንዳያንስ ተደንግጎ ነበር። ሕገወጥ ለተባለ ቦታ ግን የ7 የሥራ ቀናት ማስጠንቀቂያ፣ ለሰውየው በመስጠት ወይም ንብረቱ ላይ በመለጠፍ ብቻ፣ ያለ ካሳ። በዚያ አዋጅ አንደኛው ወገን 90 ቀንና ካሳ ያገኝ ነበር፣ ሌላኛው 7 ቀንና ባዶ እጅ። በመካከላቸው ያለችው አንዲት ቃል ናት፦ «ሕገወጥ»።

ታዲያ ይቺን ቃል ማን ነው የለጠፈው? በምን ማስረጃ? እናንተን ጠይቆ ነው ወይ? አጭሩ ማስጠንቀቂያ የሚሠራው ይዞታው በእርግጥ ሕገወጥ ከሆነ ነው፤ ሕገወጥ መሆን አለመሆኑ ራሱ ክርክር ላይ ከሆነ ግን መጀመሪያ እዚያ ላይ ልትሰሙ ይገባል። የሙሉ ክርክራችሁ አከርካሪ ይህ ነው። ደጋግማችሁ ተናገሩት።

ደረጃ 2፦ ወረቀቱን ባያችሁበት ሰዓት

ከበሩ ሳትገነጥሉ በስልካችሁ ፎቶ አንሱት። አንዱን ቀረብ ብላችሁ ጽሑፉ እንዲነበብ፣ ሌላውን ራቅ ብላችሁ በሩና የቤት ቁጥሩ አብረው እንዲታዩ። ከጎረቤት ሁለት ሰው ጠርታችሁ አሳዩ። መቼ እንደተገኘ፣ ማን እንዳየው ደብተር ላይ ጻፉ። ቀኑ ለምን ይጠቅማል? ደብዳቤው ላይ ያለው ቀንና የደረሳችሁ ቀን ብዙ ጊዜ አይገጥሙም፣ የአክስቴ ወረቀት ላይ የነበረው ቀን ከተለጠፈበት አምስት ቀን ቀድሞ ነበር። ጊዜው መቆጠር ያለበት ከደረሳችሁ ቀን ነው፤ ያንን የምታረጋግጡት እናንተ ናችሁ።

በእጅ ከሰጧችሁና ፈርሙ ካሏችሁ፣ መፈረም አትፍሩ። እምቢ ብትሉ «አልቀበልም ብሏል» ተብሎ ይጻፋል። ፈርሙ፣ ግን ከፊርማችሁ ጎን በእጃችሁ «በይዘቱ ሳልስማማ፣ በዚህ ቀን ደርሶኛል» ብላችሁ ጨምሩ።

ከዚያ ደብዳቤውን አንብቡት። ቁጥር አለው? የጻፈው መሥሪያ ቤትና የፈረመው ኃላፊ ይታወቃል? የትኛውን አዋጅና አንቀጽ ጠቀሰ? ስንት ካሬ ሜትር ነው የሚለው? ቅሬታ ካላችሁ የት እንደምታቀርቡ ይነግራችኋል? የጎደለውን በእስኪርቢቶ ምልክት አድርጉ። ያ ጉድለት ነገ መከራከሪያችሁ ነው።

ወረቀት ሳይኖር በር ላይ ቀይ ቀለም ብቻ ተቀብቶ ከሆነ ወይም በቃል «በዚህ ቀን እናፈርሳለን» ከተባላችሁ፣ በዚያው ቀን ወረዳ ሄዳችሁ «ውሳኔው በጽሑፍ ይሰጠኝ» የሚል ማመልከቻ አስገቡ። በቃል ውሳኔ ላይ ይግባኝ ማለት ከባድ ነው።

ደረጃ 3፦ ፋይል አደራጁ

ካርታ ካላችሁ ኮፒውን፣ የሊዝ ውል ካለ ውሉን። ከሌላችሁ ተስፋ አትቁረጡ። በአዲስ አበባ ሰነድ አልባ ይዞታዎች ሲስተናገዱ የ1988 እና የ1997 ዓ.ም. የአየር ፎቶ ዋና መመዘኛ ሆነው ቆይተዋል። ቤታችሁ በዚያ ፎቶ ላይ ይታያል? ይህን የሚያውቀው መሬት ቢሮ ነው፤ «የቦታዬ የአየር ካርታ ተነቦ ውጤቱ በጽሑፍ ይሰጠኝ» ብላችሁ ጠይቁ።

ሌላው ሁሉ ቆይታችሁን የሚያሳይ ነው። የግብር ደረሰኝ፣ የመብራትና የውሃ ቢል፣ የቀበሌ መታወቂያ፣ የልጆች የትምህርት ቤት መዝገብ፣ የዕድር ደብተር፣ ቦታውን የገዛችሁበት ውል። ግብር ለ20 ዓመት የተቀበለ መንግሥት «አላውቃችሁም» ሲል ከባድ ጥያቄ ይነሳበታል። ደረሰኝ ብቻውን ባለይዞታ ያደርጋል ማለቴ አይደለም፣ ግን ዝም ብሎ የሚታለፍም አይደለም። ገበሬ ከሆናችሁ የመሬት ደብተራችሁን። ባልና ሚስት ከሆናችሁ የሁለታችሁም ስም ማመልከቻው ላይ ይኑር።

ዋናውን ሰነድ ለማንም አትስጡ። ዋናው ለማመሳከር ብቻ ይታያል፣ የሚቀረው ኮፒው ነው።

አንድ ነገር በግልጽ ልናገር። ቤቱ በእርግጥ ጨረቃ ቤት ከሆነ፣ ማለትም ባለፈው ዓመት ክፍት ቦታ ላይ በሌሊት የተሠራ ከሆነ፣ እዚያው እቀጥላለሁ የሚለውን ክርክር ታሸንፋላችሁ ብዬ አልዋሻችሁም። ያኔም ቢሆን ማስጠንቀቂያ ማግኘት፣ ዕቃችሁን ማውጣት፣ በሰብአዊ ክብር መስተናገድ መብታችሁ ነው። ደላላ «በ1997 የተሠራ አስመስዬ ወረቀት አወጣልሃለሁ» ካላችሁ ግን ሽሹ። የሐሰት ሰነድ ከቤት ጉዳይ ወደ እስር ቤት ይወስዳል፤ እውነተኛ ማስረጃ ያላቸውን ጎረቤቶቻችሁንም ያስጠረጥራል።

ደረጃ 4፦ አቤቱታውን ጻፉ፣ ማህተም አስመቱበት

ፍርድ ቤት በር ላይ ለሚጽፉ ሰዎች ከመክፈላችሁ በፊት ይህን ተመልከቱ። አንድ ገጽ ይበቃል።

«ጉዳዩ፦ በ… ቀን በቁጥር … የተጻፈብኝን የማስለቀቂያ ማስጠንቀቂያ በመቃወም እንድሰማ ስለመጠየቅ።

እኔ አመልካች በ… ክፍለ ከተማ ወረዳ … የቤት ቁጥር … ከ… ዓ.ም. ጀምሮ ከነቤተሰቤ የምኖር ነኝ። ከላይ የተጠቀሰው ማስጠንቀቂያ የደረሰኝ በ… ቀን ነው። ይዞታዬ ሕገወጥ የተባለበት ማስረጃ አልተገለጸልኝም፣ እኔም ከውሳኔው በፊት አልተጠየቅሁም። ስለዚህ 1ኛ ውሳኔው የተመሠረተበት ካርታና ሰነድ እንዲሰጠኝ፣ 2ኛ ማስረጃዬን ይዤ ቀርቤ የምሰማበት ቀን እንዲቆረጥልኝ፣ 3ኛ ከዚያ በኋላ ምክንያቱን የያዘ የጽሑፍ ውሳኔ እንዲሰጠኝ፣ 4ኛ እስከዚያው የማፍረሱ እርምጃ እንዲቆም አመለክታለሁ። አባሪ … ገጽ።»

ከዚህ በላይ ስሜት አትጨምሩበት። እንባችሁ እውነት ነው፣ ግን ማመልከቻው ላይ የሚፈለገው ቀን፣ ቁጥርና ጥያቄ ነው። ስትጨርሱ ግልባጭ ለክፍለ ከተማው፣ ለከተማው ቅሬታ ሰሚ፣ ለእንባ ጠባቂ ተቋምና ለኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን (ኢሰመኮ) አድርጉ። የመጨረሻዎቹ ሁለቱ ዶዘር የሚያቆም ትዕዛዝ አይሰጡም፣ ጉዳዩን ግን መርምረው ምክረ ሐሳብ ሊሰጡ ይችላሉ። የአዲስ አበባ መሥሪያ ቤቶችን በሚመለከት የፌዴራሉን የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012ንም ጥቀሱ፤ መብታችሁን የሚነካ ውሳኔ ከመወሰኑ በፊት እንድትሰሙ የሚለው ሐሳብ የዚያ አዋጅ ዋና ጉዳይ ነው።

አሁን ማህተሙ። ሦስት ኮፒ ይዛችሁ መዝገብ ቤት ግቡ። ለኃላፊው በእጅ አትስጡ፣ ጠረጴዛ ላይም ጥላችሁ አትውጡ። መዝገብ ቤት ያለችው ልጅ ገቢ አድርጋ ቁጥርና ቀን ትጻፍበት፣ የእናንተ ኮፒ ላይ ማህተም ትምታ። «አንቀበልም» ካሏችሁ አትጣሉ። ሁለት ምስክር ይዛችሁ ተመለሱ፣ ያም ካልሆነ በፖስታ ቤት በአደራ ደብዳቤ ላኩትና ደረሰኙን ያዙ። ያቺ ማህተም ያረፈባት ኮፒ ከካርታ ቀጥሎ ውድ ወረቀታችሁ ናት።

ጎረቤቶች በጋራ ብትጽፉ ጥሩ ነው፣ ድምፅ ይሆናል። ግን እያንዳንዱ ቤት የራሱንም ያስገባ። የአንዱ ማስረጃ የሌላው አይደለም፣ የጋራ ማመልከቻ በአንድ ሰው ድካም ምክንያት የሁሉም ሊወድቅ ይችላል።

ደረጃ 5፦ ቀናቱን ቁጠሩ

በ1161 መሠረት የልማት ማስነሻ ከሆነ ትዕዛዙ በደረሳችሁ በ30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚ አካሉ ታቀርባላችሁ። እሱ በ30 ቀን ይወስናል። ካልተስማማችሁ በ30 ቀን ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤው፣ ከዚያም የጉባኤው ውሳኔ በጽሑፍ በደረሳችሁ በ30 ቀን ወደ ከፍተኛ ፍርድ ቤት። እስከ 29ኛው ቀን አትጠብቁ። በመጀመሪያው ሳምንት አስገቡ፣ የጎደለ ማስረጃ ቢኖር «በተጨማሪ አቀርባለሁ» ብላችሁ። የ7 ቀን ወረቀት ከሆነ ደግሞ በማግስቱ።

«መነሳት የለብኝም» እና «ካሳው አነሰኝ» የሚሉትን አታደባልቁ። ሁለቱንም ማለት ትችላላችሁ፣ ግን ለየብቻ ቁጥር ስጧቸው፤ በገንዘብ መጠን ላይ ብቻ ያለ ክርክር ቦታውን ከማስረከብ ላያድናችሁ ይችላል። ገንዘቡን ስትቀበሉም «የካሳውን መጠን የመቃወም መብቴን ጠብቄ ተቀብያለሁ» ብላችሁ ጽፋችሁ ፈርሙ። ባዶ ቦታ ያለበት ቅጽ ላይ አትፈርሙ፣ በፍጹም።

ደረጃ 6፦ የምትሰሙበት ቀን

ብዙ ሰው እዚያ ገብቶ ስለ ኑሮ ውድነት፣ ስለ ባለሥልጣናት፣ ስለ ድሮው ጊዜ ያወራል። ጊዜው ያልቃል። የእናንተን በአምስት ደቂቃ ልኩት። ማን ነኝ፣ ከመቼ ጀምሮ እዚህ አለሁ፣ ይኸው ማስረጃው፣ የምጠይቀው ይህንን ነው። ከዚያ አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ «ቦታዬ የመንግሥት ባዶ ቦታ ነው የተባለው በየትኛው ካርታ ላይ ነው? ይታየኝ።» መልሱን ጸሐፊው እንዲጽፈው አድርጉ። ስሕተቱ አንዳንዴ እዚህች ላይ ነው የሚገኘው፤ የጎረቤት ቁጥር ከእናንተ ተደባልቆ ወይም መሐንዲሱ ድንበሩን አሳስቶ ሊሆን ይችላል።

ሽማግሌ ወላጆች ብቻቸውን አይግቡ። የሚያነብላቸው ሰው አብሮ ይግባ። ሲያልቅ ቃለ ጉባኤውን አንብባችሁ ነው የምትፈርሙት። ያላላችሁት ነገር ተጽፎ ከሆነ ይስተካከል፤ ካልሆነም ተቃውሟችሁን ከፊርማችሁ በላይ ጻፉ።

ደረጃ 7፦ ካልሰሟችሁ፣ ዕግድ

ማመልከቻችሁ ተቀምጦ ዶዘር ሊመጣ ከሆነ ጊዜ አታባክኑ። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 እና 155 ፍርድ ቤት ጊዜያዊ ዕግድ የሚሰጥበትን ይናገራሉ፦ ክርክር ያለበት ንብረት ሊበላሽ ወይም ሊጠፋ ሲል። የፈረሰ ቤት ተመልሶ አይቆምም፣ ዳኛው ፊት ማሳየት ያለባችሁ ይህንን ነው። ዕግድ ግን ብቻውን አይቆምም፣ ከዋና ክስ ጋር ነው። ባለይዞታነታችሁ ከተነካ በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 «ሁከት ይወገድልኝ» ማለት ይቻላል፣ የሁለት ዓመት ገደብ አለው። ከአባሪዎቹ መካከል ያቺ ማህተም ያላት ኮፒ ፊት ለፊት ትሁን፤ «መጀመሪያ ለአስተዳደሩ አመልክታችኋል ወይ?» መባላችሁ አይቀርም።

አዲስ አበባ ውስጥ የከተማው ፍርድ ቤትና የፌዴራል ፍርድ ቤት ሥልጣን በይዞታ ጉዳይ ላይ ያምታታል። ከማስገባታችሁ በፊት ሬጅስትራር ጠይቁ፣ ቢቻል ጠበቃም። የተሳሳተ በር ማንኳኳት ሳምንት ይበላል።

ለዳኝነት የሚከፈል ከሌላችሁ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 467 በደሃ ደንብ ክስ መክፈትን ይፈቅዳል፣ ከወረዳ የድህነት ማስረጃ ታመጣላችሁ። የዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤቶች ነጻ የሕግ ድጋፍ ማዕከል አላቸው፣ ሴቶች ደግሞ የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርን ጠይቁ።

ዕግዱ ከተሰጠ በዚያው ቀን ራሳችሁ አድርሱት። ለወረዳው፣ ለደንብ ማስከበር፣ ለአካባቢው ፖሊስ፣ በየቦታው ተቀብያለሁ አስብላችሁ። አንድ ኮፒ ቤት ይቀመጥ። አፍራሽ ግብረ ኃይሉ ሲመጣ ትዕዛዙ መዝገብ ቤት ተኝቶ ከሆነ አይጠቅምም።

ያም ሆኖ ከመጡ

ዶዘር ፊት አትቁሙ። ልጆችንና አቅመ ደካሞችን፣ መድኃኒትን፣ የሰነዶቹን ቦርሳ መጀመሪያ አውጡ። የመጣውን ኃላፊ ስምና ትዕዛዝ ጠይቁ። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የኢኮኖሚ፣ የማኅበራዊና የባህል መብቶች ቃል ኪዳን አለ፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9 ንዑስ 4 መሠረት የአገሪቱ ሕግ አካል ነው። ይህን ቃል ኪዳን የሚከታተለው የተባበሩት መንግሥታት ኮሚቴ በአጠቃላይ ትንታኔ ቁጥር 7 ላይ፣ ማስነሳት በሌሊት ወይም በመጥፎ አየር እንዳይሆን፣ የመንግሥት ተወካዮች በቦታው እንዲገኙ፣ አስነሺዎቹ ማንነታቸው እንዲታወቅ ብሏል። ይህን ለግብረ ኃይሉ መንገር ላይረዳ ይችላል። ሰዓቱን፣ ዝናቡን፣ የመጣውን ሰው ሁሉ መጻፍ ግን በኋላ ለካሳ ክሱ ይረዳል። የፈረሰውን ንብረት ዝርዝር በዚያው ቀን አዘጋጁ፣ ጎረቤት ይፈርምበት። ሲከርም ስንት ቆርቆሮ እንደነበር ማንም አያስታውስም።

ውጭ አገር ላላችሁ

ከዋሽንግተን ወይም ከዱባይ ገንዘብ ልካችሁ ቤት ያሠራችሁ ሰዎች፣ ማስጠንቀቂያው የሚለጠፈው እዚህ በር ላይ ነው፤ የሚቆጠረውም እዚህ ነው። ቤቱን ለሚጠብቅላችሁ ሰው ዛሬ ደውሉና ወረቀት ካየ ሳይገነጥል ፎቶ አንስቶ እንዲልክላችሁ ንገሩት። ውክልናችሁንም አውጥታችሁ እዩት። «ማስተዳደር» ብቻ የሚል ከሆነ ፍርድ ቤት ላይ ሊያስቸግር ይችላል፤ «መክሰስ፣ መከሰስ፣ ለአስተዳደር አካላት አቤቱታ ማቅረብ፣ ጠበቃ መወከል» የሚሉት ይግቡበት። በኤምባሲ ወይም በቆንስላ አረጋግጣችሁ ላኩት፣ አዲስ አበባ ሲደርስ ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ያረጋግጠዋል። ይህ ሁሉ ከ7 የሥራ ቀን በላይ ስለሚወስድ ወረቀቱ እስኪለጠፍ አትጠብቁ።